ለእማዬ ሁለት ምድር ቤት

ጎንደር፣ ጥቅምት 4 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለእህቴ ለመስከረም ሐብተ ማርያም፣ ካልጋሪ

የአባታችን የመሪጌታ ጸሎት አይለይሽና ከባለቤትሽ ከወንድምአገኝ ጋር እንዴት ከርማችኋል? እኛ ክብር ምስጋና ለመድኃኔ ዓለም ይሁንና ከጉልበት በቀር ደህና ነን። ጉልበቱ የእማዬ ነው። የኔማ ምን ይሆናል፣ ደረጃውን ለሁለታችን የምወጣው የምወርደው እኔ አይደለሁ?

ስልክ እያለ ደብዳቤ ምን አመጣው እንዳትይ። ስንደዋወል እማዬ "ላውድ አድርጊው" ብላ አጠገቤ ትቀመጣለች፤ ድምፅሽን ስትሰማ ታለቅሳለች፤ እኔ የምናገረው ሳይነገር ስልኩ ይዘጋል። ይሄ እሷ ሳትሰማ የምንጨርሰው ጉዳይ ነው።

ቤታችን እንደምታውቂው ዳገት ላይ ነው። መኖሪያው ከላይ ነው፤ ከሥሩ ደግሞ ጀርባውን ለዳገቱ የሰጠው ምድር ቤት አለ፣ መሪጌታ ግድግዳውን አቁመው ሳይጨርሱት ያረፉት። እስከ ዛሬ እንጨትና አሮጌ ቆርቆሮ ሲቀመጥበት ኖሯል። በሩ ግን ደረጃ የለው፣ ምን የለው፣ ቀጥ ብሎ ወደ በአታ መንገድ ይወጣል። እማዬን እዚያ ባወርዳት ዱላዋን ይዛ ቀስ እያለች ኪዳን ታደርሳለች ብዬ አሰብኩ። አሁንማ ከላይ ተቀምጣ ደወሉን ብቻ ነው የምትሰማው።

ግንበኛውን አያ ቢሻውን ጠርቼ አሳየሁት። "ሸጋ ክፍል ይወጣዋል፤ ያለ ፈቃድ ግን አካፋ አላነሳም" አለኝ። ማዘጋጃ ቤት ሄድኩ። ምድር ቤቱ ሰው ሊኖርበት ከሆነ ፕላን ያስፈልጋል። መስኮትና የአየር መግቢያ ይኑረው ይላል፤ ዳገቱን የሚይዝ ግንብና የጎርፍ ማፋሰሻ ይላል፤ የታችኛው ጎረቤት መስማማቱን ይፈርም ይላል። ይሄን ሁሉ ችዬው ነበር። ከዚያ ልጅቷ ካርታውን አየችና "ባለ ይዞታው አርፈዋል፣ የወራሾች ስምምነት ያስፈልጋል፤ እርስዎ ምናቸው ነዎት?" አለችኝ። "ልጃቸው ነኝ" አልኩ። መታወቂያዬን አገላብጣ "የአባትዎ ስም ሌላ ነው" አለች። "የባለቤታቸው የእህት ልጅ ነኝ" አልኳት። "እንግዲያ ወራሽ አይደሉም" አለችኝ። ክፋት የላትም፣ ሥራዋ ነው። እኔ ግን እናቴ መካነ ብርሃን ላይ ስትሞት በእማዬ ጀርባ ታዝዬ የገባሁበት ቤት ነው፤ እስከ ቤት ድረስ ዓይኔን በነጠላ እየጠረግሁ ሄድኩ።

ወራሾቹ እማዬና አንቺ ናችሁ። ስለዚህ ኤምባሲ ሄደሽ ውክልና ላኪልኝ።

የላክሽላት ሹራብ ደርሷታል። ጎረቤቱን ሁሉ እየጠራች "የመስኪ ነው" ትላለች። እኔ የሰፋሁላት ቀሚስ ሳጥን ውስጥ ነው፤ ለክብር ቀን ይሁን አለችኝ። የክብሩ ቀን መቼ እንደሆነ አልነገረችኝም።

በአታ ለማርያም ጥላዋን አትንፈግሽ።

አገኘሁሽ


ካልጋሪ፣ ኅዳር 20 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለእህቴ ለአገኘሁሽ

ሰላምሽ እንደ ጣና ውኃ ይብዛ። እኛ ደህና ነን፤ በረዶው ገብቷል፣ ሰው ሁሉ ቤቱን ዘግቷል።

የእማዬን ጉልበት ካንቺ መስማቴ ገረመኝ። ለኔ "ደህና ነኝ፣ አታስቢ" ነው የምትለኝ። ምን በላሽ ስላት "አጌ ታውቃለች"። መድኃኒትሽን ወሰድሽ ስላት "አጌ ታውቃለች"። የገዛ እናቴን ጤና ላጣራ ደውዬ ካንቺ ፈቃድ እንዳጣ ሰው ስልኩን እዘጋለሁ።

አሁን የኔን ወሬ ስሚ። እዚህ አገር ቤት ሁሉ ከሥሩ ምድር ቤት አለው። የኛ ወለሉም ግድግዳውም ባዶ ሲሚንቶ ነበር። አሁን ልናስጨርሰው ነው፣ ከተማውም ፈቃድ ሰጥቶናል። አልጋ የሚገባበት ክፍል ከሆነ እሳት ቢነሣ ሰው ሾልኮ የሚወጣበት መስኮት ይላሉ። በአንዱ ክፍል ጭስ ቢነሣ ቤቱን ሁሉ የሚያስጮህ ደወል ይላሉ። ኤሌክትሪኩ የራሱ ፈቃድ አለው፣ ቧንቧው የራሱ። ግድግዳው ሳይሸፈን አንዴ፣ ሲያልቅ ደግሞ አንዴ ኢንስፔክተር መጥቶ ያያል። ልብ የሚያደርቅ ነገር ነው፤ ግን እያደረግሁት ነው።

ለእማዬ ነው፣ አገኘሁሽ። ላመጣት ነው። ፓስፖርቷን እንድታወጪላት እለምንሻለሁ፤ ያለ አንቺ የትም እንደማትሄድ አውቃለሁ።

አንድ ነገር ልጨምር፣ አትቀየሚኝ። ደብዳቤሽ ውስጥ "እማዬ" የሚለው ቃል ከኔ ስም ይበዛል። እንዳትያት አልልሽም፤ በጀርባዋ ታዝለሽ እንደመጣሽ አውቃለሁ። ግን አንቺ ስትመጪ እኔ ከዚያ ጀርባ ላይ ወርጄ ነው። አስቀድሜ እማዬ ያልኳት እኔ ነኝ።

መስከረም


ጎንደር፣ ጥር 19 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለእህቴ ለመስከረም

እንኳን ለብርሃነ ጥምቀቱ አደረሰሽ፤ በረዶ መካከል ብትሆኚም ጸበሉ ይድረስሽ።

የጥምቀት ግርግር ይዞኝ ነው የዘገየሁ ብዬ ጀምሬ ነበር። ውሸት ነው። ሁለቴ ጽፌ ቀድጄዋለሁ፤ የመጀመሪያው ስድብ ነበር፣ ሁለተኛው ልቅሶ። ይሄኛው ከሁለቱም ትንሽ ትንሽ አለው።

ውክልናውን ደብዳቤሽን ገልብጬ ፈለግሁት። አንድ ቃል የለም። ረስተሽው ነው ብዬ ልለፈው።

ስለ ፈቃድሽ ግን ዝም አልልም። ሰው ሾልኮ የሚወጣበት መስኮት አልሽ። ደረጃ ያቃታት ሴት በየት አድርጋ ነው በመስኮት የምትሾልከው? ከተማው ራሱ እሳት ይነሣል ብሎ የሚሰጋበት ክፍል ውስጥ ነው እናቴን፣ ይቅርታ፣ እናትሽን የምታስተኚያት? የመሪጌታ ምድር ቤት እንኳ በር አለው፤ ሰው እንደ ሰው በበር ይወጣል። ጠዋት አንቺ ሥራ፣ ወንድምአገኝ ሥራ፤ እሷ ከመሬት በታች ተቀምጣ የጭስ ደወል ስትጠብቅ ልትውል ነው? ቋንቋ የላት፣ ደጅ የምትወጣበት ፀሐይ የላት። ምነው መስኪ?

እቀናለሁ፤ አልደብቅሽም። ባል አልበረከተልኝ፣ ልጅ አልተሰጠኝ፣ ያለኝ የስፌት መኪናና እሷ ናት። አንቺ ቤትሽ ከላይም ከታችም ሙሉ ነው፣ የቀረሽ እሷ ብቻ ሆነች። ይህ ሁሉ ያንቺ ሆኖ ሳለ ደግሞ ስልክ በጮኸ ቁጥር ፊቷ የሚበራው ላንቺ ነው። ጀርባዋን አጥቤ፣ ጉልበቷን በቅባት አሽቼ፣ እፎይ ብዬ ቀና ስል "መስኪ ዛሬ ትደውል ይሆን?" ትለኛለች። በሰው ቁስል እንጨት ስደድበት ማለት ይሄ ነው። ሩቅ ያለ ሰው ምን ታደለ፤ አይሰለች፣ አይቆጣ፣ ወጥ አያሳርር።

የፓስፖርቱ ጉዳይ ወረፋ ነው ይላሉ።

መድኃኔ ዓለም ይጠብቅሽ።

አገኘሁሽ


ካልጋሪ፣ መጋቢት 5 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለአገኘሁሽ

የጾሙ በረከት ይድረስሽ፤ ለኔም ትዕግሥት ይስጠኝ።

የካልጋሪው ጎረቤታችን የአስማረ እናት ከዛሪማ ድረስ መጥታ ፓስፖርቷን እዚያው ጎንደር አውጥታለች። አሁን እዚህ ደርሳ ከልጇ ጋር ቤተ ክርስቲያን ስትሄድ አያታለሁ። ባየኋት ቁጥር ፊቴን አዞራለሁ፤ የሰው እናት ማየት ጠልቻለሁ። ስለዚህ የወረፋውን ነገር ተይው።

ወንድምአገኝ ሊያስደስተኝ ብሎ ኢንስፔክተሩ ሳይመጣ ጂብሰሙን ለጥፎ፣ ቀለም ቀብቶ ጠበቀኝ። እኛ ልማዳችን ነው፤ እንግዳ ሳይመጣ ቤት ማሳመር። ሰውየው መጥቶ አንኳኳውና "ውስጡን ሳላይ አልፈርምም" አለ። የለጠፍነውን በሙሉ ነቀልነው። አቧራው መሐል ተቀምጬ አለቀስኩ። ወንድምአገኝ ለግድግዳው ያለቀስኩ መስሎት "እንደገና እሠራዋለሁ" እያለ ያባብለኛል።

ለግድግዳው አልነበረም። ያን ቀን አንቺ በላክሽው ፎቶ ላይ ጠጉሯን ታበጥሪላታለሽ። እንዲህ ነጭ ሆናለች እንዴ? እኔ የማውቀው ጥቁር ነበር። መቼ እንደሸበተች አንቺ ታውቂያለሽ፣ እኔ አላውቅም። እጅሽ አናቷ ላይ ነው። በዚያ እጅ ቀናሁ። ቢሰበር ብዬ ተመኘሁ፤ እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ፣ አንቺም ይቅር በይኝ፣ ግን ተመኘሁ።

እንግዲህ እንደ ገበያ ሰው እንነጋገር። ፓስፖርቱን አውጪና ፎቶውን ላኪልኝ፤ እኔ ውክልናውን እልካለሁ። ፓስፖርት ከሌለ ውክልና የለም። ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይላሉ፤ እኛም እንግዲህ ይዘናል።

መስከረም


ጎንደር፣ መጋቢት 30 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለመስከረም

ሰላም ላንቺ ይሁን።

ፓስፖርቱ ወጥቷል። አሻራ ስትሰጥ ጣቷን የያዝኩላት በዚያ ይሰበር ባልሽው እጄ ነው። ፎቶው ላይ የለበሰችው ያንቺን ሹራብ ነው፣ ደስ ይበልሽ።

ከዚያው በባጃጅ ይዣት ማዘጋጃ ቤት ሄድኩ፤ የእሷ ስምምነት በአካል ይፈረማልና። ልጅቷ ወንበር አመጣችላት፤ አክብራ፣ ጎንበስ ብላ "እማማ፣ ምድር ቤቱ ሲያልቅ ማን ሊኖርበት ነው?" ብላ ጠየቀቻት። ለመኖሪያ ከሆነ መጻፍ አለበት። እማዬ ፈገግ ብላ "ለልጆቹ ነው የኔ እናት፤ እኔስ አልኖርበትም" አለቻት።

ሐሙስ ሐሙስ ሥራዬን ዘግቼ የተመላለስኩት፣ የታችኛው ጎረቤት እንዲፈርምልኝ ደጅ የጠናሁት ለማን ነው? ልቧ ካልጋሪ ገብቷል መስከረም። አውሮፕላን ሳትሳፈር ሄዳለች። ስንመለስ አላናገርኳትም፤ ከባጃጅ ሳወርዳት "አጌ፣ አትኩርፊኝ" አለችኝ።

ቢሆንም አልተውም። ግትር መሆኔን ታውቂያለሽ። ባዶውንም ቢሆን ምድር ቤቱ ይለቅ። ውክልናውን ላኪ።

አገኘሁሽ


ካልጋሪ፣ ግንቦት 2 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለእህቴ ለአገኘሁሽ

እንኳን ለብርሃነ ትንሣኤው አደረሰሽ። ቃሌ ቃል ነው፤ ውክልናው ከዚህ ደብዳቤ ጋር በሰው እጅ እየመጣልሽ ነው።

እኛም ተፈረመልን። ኢንስፔክተሩ ያሾፍሽበትን መስኮት በዓይኑ አላመነም፤ ያን የሚያህል ግዙፍ ሰው ራሱ ሾልኮ በረዶው ላይ ወጣና በዋናው በር ዞሮ ገባ። ወንድምአገኝ ሳቁን አፍኖ ሊሞት ነበር። ግድግዳው ሞቅ ያለ ቀለም ተቀብቷል። ምሥራቁን ለይቼ ሥዕለ አድኅኖዋን የምትሰቅልበት ሚስማር መትቻለሁ።

እማዬ ለማዘጋጃ ቤቷ ልጅ ያለቻትን ደጋግሜ አነበብኩት። አዘንኩልሽ ብዬ አልዋሽም፤ ደስ አለኝ፣ ወለሉ ላይ ተንበርክኬ አመሰገንኩ። ቆይቶ ግን ሌላ ነገር ገባኝ። እኔ ስጠይቃት "እግዜር ያውቃል" ነው የምትለኝ። ልቧ ወዴት እንዳለ እኔ እንኳ ካንቺ ነው የሰማሁት። ያሸነፍኩ ዕለትም አንቺ ነሽ አጠገቧ የቆምሽው። ይሄንንስ ምን ብዬ ልጠራው?

ቪዛው ከተገኘ በእናንተ ክረምት፣ በኛ በጋ፣ ትመጣለች። ብርዱ ሳይጀምር ትልመድ ብዬ ነው። የምትይዘውን አንቺ ታውቂያለሽ፣ አሰናጂያት።

መስከረም


ጎንደር፣ ሐምሌ 3 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለእህቴ ለመስከረም ሐብተ ማርያም

ይህን ስታነቢ ተቀመጪ። ሞት አይደለም። ሞት አይደለም ብዬ ግን ደፍሬ ለመጻፍም ቸግሮኛል።

የምድር ቤቱ ፈቃድ ወጣና አያ ቢሻው ሥራ ጀመረ። በዚያው ሰሞን እማዬ ብጫ አቡጀዲ አስገዝታ "ለእማሆይ አጸደ ማርያም ስለት አለብኝ፣ በኔ ልክ ስፊው፣ ቁመታችን አንድ ነው" አለችኝ። እማሆይ አጸደ ማርያም በበአታ ቅጥር ሥር ካሉት ጎጆዎች ባንዱ የሚኖሩ መነኩሴ ናቸው፤ እማዬን ሊጠይቁ ይመጡ ነበር። እኔም ለካሁ፣ ሰፋሁ፣ ተኮስኩ። ጠርዙን እንኳ በእጅ ነው የዘመዘምኩት።

በሰኔ ሚካኤል ማግስት ደንበኛ ቤት ልብስ አድርሼ ስመለስ እማዬ የለችም። ዱላዋም የለም። አያ ቢሻው ከታች ቀና ብሎ "ሁለት መነኮሳይት ደግፈው ወሰዷት፤ የምታውቂ መስሎኝ" አለኝ። እየሮጥኩ በአታ ስደርስ የንስሐ አባታችን ግንዘት እያነበቡላት ነው። ለዓለም ሞታለችና እንደ ሙት ይነበብላታል፤ የመሪጌታ ልጅ ነሽ፣ ሥርዓቱን አልነግርሽም። ጠጉሯ ተላጭቷል። ቆቡን ደፍታለች። የለበሰችው እኔ የሰፋሁትን ነው። እጄ የሠራውን ለበሰችልኝ ብዬ ልደሰት ወይስ የእናቴን ከፈን ሰፋሁ ብዬ ልጩህ?

ሲያበቃ እግሯ ላይ ወደቅሁ። "ምነው እማዬ? ከፈለግሽ ለመስኪ እለቅልሽ ነበር እኮ" አልኳት። ውሸቴን ነው፣ አልለቅም ነበር። ፊቴን በመዳፏ ጠረገችና እንዲህ አለችኝ፤ እንዳለችው ነው የምጽፍልሽ።

"ሁለት ልጆች ሰጠኝ። ሁለቱም ከመሬት በታች ሊያስገቡኝ ፈቃድ ሲያወጡ ከረሙ። እሱስ መቼም አይቀርልኝ፤ ምነው እስከዚያው ፀሐይ ብሞቅ?"

መነኮሳይቱ ሳቁ። እኔ አልሳቅሁም። ያኔ ጎተት አድርጋ ወደ ጆሮዬ ተጠጋችና "አንዳችሁ ጋ ብሄድ አንዳችሁ ታርራላችሁ። በቆብ የሚቀና ሰው ግን የለም" አለችኝ። ለካ ሁሉንም ታውቅ ኖሯል። ስልኩን ላውድ አድርጊው የምትለውም ድምፃችንን ስትመዝን ነው መሰለኝ።

አሁን ስሟ እማሆይ ወለተ ሚካኤል ነው። ጎጆዋ ከእማሆይ አጸደ ማርያም ጋር ግድግዳ ይጋራል፤ ከቤተ ክርስቲያኑ በር አፍንጫ ሥር ነው፣ ለጉልበቷም ሸጋ ነው። በየጠዋቱ እሄዳለሁ። ሁለቱ ደጁ ላይ ፀሐይ እየሞቁ ይስቃሉ መስኪ። በምን እንደሚስቁ ስጠይቅ "የኛው ነው" ትለኛለች። ትላንት ሽሮ ይዤላት ብሄድ "ለእማሆይ ስጫት፣ እሷ ታውቃለች" አለችኝ። የያዝኩትን አስቀምጬ ወጣሁ፤ መንገዱን ሁሉ ያቺን ሴትዮ እየረገምኩ ነው የመጣሁት፤ መነኩሴ መርገም ኃጢአት መሆኑን እያወቅሁ።

ምድር ቤቱ አልቋል። ማንም አይኖርበትም።

አገኘሁሽ


ካልጋሪ፣ ነሐሴ 9 ቀን 2017 ዓ.ም.

ይድረስ ለእህቴ ለአገኘሁሽ

የፍልሰታ በረከት በያለንበት ይድረሰን።

ደብዳቤሽን ስጀምር ተቆጥቼ ነበር። ተመካክራችሁበታል፣ እንዳትመጣብኝ ብለሽ ቆብ አስደፋሻት ብዬ ወንድምአገኝ ላይ ጮህኩበት። ብጫውን ልብስ በገዛ እጅሽ መስፋትሽን ሳነብ ግን ቁጣው አልሆነልኝም። አንቺ እዚያ፣ እኔ እዚህ፣ አንድ ቀን ተከድተናል።

ደወልኩላት። አሁን የሚሠራው የእማሆይ አጸደ ማርያም ስልክ ነው። አነሡትና "ልጄ፣ ጸሎት ላይ ናት፣ ቆይተሽ ደውይ" አሉኝ። ቆይቼ ደወልኩ። እማዬ ሳቅ ላይ ናት፤ ሳቁ እስኪበርድላት ጠበቅሁ። ደህና ነሽ ወይ ስላት "ደህና ነኝ፣ ምን ጎድሎኝ" አለች። ድሮ እንደምትዋሸኝ አውቅ ነበር፣ ደስም ይለኝ ነበር፤ አሁን ግን አልዋሸችም። ስለ ክፍሉ፣ ስለ መስኮቱ ልነግራት ስል ከጎኗ አንድ ነገር ተባለና እንደገና ሳቀች።

አገኘሁሽ፣ ያቺ ሴትዮ ማናት? አንቱ ማለት አቃተኝ። አገሯ የት ነው? ልጆች የሏትም? እማዬን ምን ብላ ነው የምትጠራት? አንቺ አብረሻት ስትኖሪ እንዲህ ስቃ ታውቃለች? እውነቱን ጻፊልኝ፤ አላውቅም ብትይ አላምንሽም።

በየጠዋቱ መሄድሽን እንዳትተይ። ኩርፊያሽን ተይና ቁጭ በይ፤ ብትችይ መሐላቸው ቁጭ በይ። ወንድምአገኝ ምድር ቤቱን እናከራየው እያለኝ ነው፤ ፈቃዱ ለዚያም ይሆናል አሉት።

ይሄን ሁሉ ጊዜ እናቴን እንዳትወስጅብኝ ስፈራሽ ኖሬያለሁ። አሁን አንድ ነገር ልንገርሽ፤ ማንም አስገድዶኝ አይደለም። ወደኔ ላትመጣ ከሆነማ፣ ካንቺ ጋር ብትቀር ይሻለኝ ነበር።

እህትሽ መስከረም